ያለ ባል የሞቅሁት ጭስ

ወገባችሁን የሚያማችሁ ሰዎች ይህቺን ገጠመኝ ቁጭ ብላችሁ አንብቧት። ቆማችሁ፣ ድስት እያማሰላችሁ ወይም ታክሲ ተሰልፋችሁ ከሆነ ይቆይላችሁ፤ የትም አትሄድም። ይህን የምለው ለወግ አይደለም። እኔ የወሎዋ መዲና ቁጭ ማለትን የተማርኩት ሠላሳ ሊሞላኝ ጥቂት ሲቀረኝ፣ ያውም በሰው አገር፣ ያውም ከቤት ልባረር አንድ ሐሙስ ሲቀረኝ ነው።

ያኔ ካርቱም ውስጥ አል-ሳሃፋ በሚባለው ሰፈር ሰው ቤት እሠራ ነበር። የቤቱ እመቤት ሐጃ ነፊሳ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ጉልበታቸውን የሚያማቸው፣ ምላሳቸውን ግን ምንም የማያማቸው ሴት ነበሩ። ከእሳቸው ሌላ ልጃቸው ኢኽላስ አለች፤ አስተማሪ ናት፤ አላገባችም፤ እናቷ "ያገባችው ጥቁር ሰሌዳውን ነው" ይሏታል። ሐጃ ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ከግቢው በር አልፈው አያውቁም። ሱዳን ውስጥ ባሏ የሞተባት ሴት ለተወሰኑ ወራት ቤቷ ተከትታ ትቆያለች። የእሳቸው ወራት ግን ካለቁ ቆይተዋል። "ውጣ ውጣ የሚያሰኝ ምን አለኝ?" ይሉና በገመድ በተጠለፈችው አልጋቸው ላይ ሬዲዮናቸውን አቅፈው ይውላሉ።

እኔ ደግሞ የእሳቸው ተቃራኒ ነበርኩ። እሳቸው አይነሱም፣ እኔ አልቀመጥም። ከፈጅር ሶላት ጀምሮ ስጠርግ፣ ሳጥብ፣ ስጋግር፣ ስተኩስ እውላለሁ፤ ሥራ ሲያልቅ ያለቀውን እንደገና እጀምራለሁ። ምሳዬን የምበላው ቆሜ ነው። ወገቤ መጀመሪያ ጠዘጠዘኝ፣ ቀጥሎ ወጋኝ፣ በመጨረሻ እንደ ዛገ ማጠፊያ አልዘረጋም አለኝ። እንቅልፍ ጠፋ። ሳቅ ጠፋ። ሰው "ሰላም" ሲለኝ "ደግሞ ምን ፈለገ?" ብዬ መጠርጠር ጀምሬ ነበር። ለእናቴ በስልክ "ደህና ነኝ" እላታለሁ፤ እሷም "ድምፅሽ ግን የሌላ ሰው ነው" ትለኛለች። አላመንኳትም። እኔ ደህንነት ማለት አለመውደቅ ይመስለኝ ነበር።

ነገሩ የሆነው ፕሬዚደንቱ ወረደ በተባለበት ቀን ነው። ሕዝቡ ከጦሩ ዋና ሰፈር ፊት ለፊት መንገድ ላይ ተቀምጦ ማደር ከጀመረ ሰነባብቷል። ኢኽላስም እዚያው ናት፤ ልብስ ልትቀይር ብቅ ትልና ድምፅዋ ተዘግቶ፣ ዓይኗ ግን በርቶ ትመለሳለች። የዚያን ዕለት ማለዳ ሬዲዮው "ጦሩ መግለጫ ይሰጣል" ካለ በኋላ ማርሽ ብቻ ይደልቅ ጀመር። ሐጃ ሌሊቱን ሙሉ ሲያዳምጡ ስላደሩ መድኃኒታቸውን ውጠው ሬዲዮው ጆሯቸው ሥር እየደለቀ ተኙ።

ጓሮ ውስጥ ሰይድ ነበር። ሰይድ የቆቦ ልጅ ነው። ወደ ፊት ልሂድ ወደ ኋላ ልመለስ እያለ ካርቱም ላይ በቀን ሥራ የቆመ፣ ቀልደኛና ሥራ የሚያውቅ ጎረምሳ። የዚያን ቀን የጓሮውን ዳስ ክዳን እንዲጠግን ሐጃ ራሳቸው ናቸው ያስጠሩት። ጥግ ላይ የተጋደመ የዛገ ቆርቆሮ ሊያነሳ ጎንበስ አለና ጮኸ።

"እህት ዓለም! እነዚህ ሰዎች ወይባ ይሞቃሉ እንዴ?"

ሄጄ አየሁ። መሬት ውስጥ የተቀበረ የሸክላ ገንቦ አፉን ከፍቶ ቁጭ ብሏል። ውስጡ አመድ አለ፤ ዙሪያው በጭቃ ተለስኗል። በወሎ ሴቶች የወይባ እንጨት አጭሰው በጋቢ ተሸፍነው የሚሞቁበት ጉድጓድ ቁርጥ ይህንኑ ይመስላል። ሦስት ዓመት ሙሉ ያንን ቆርቆሮ ስጠርገው ከሥሩ ምን እንዳለ አንድ ቀን አላየሁም።

"እናቴ አንዴ ወይባ ከሞቀች ሳምንቱን ስታንጎራጉር ትከርማለች" አለ ሰይድ። "አባቴ እንኳ 'ዛሬ ምን ብጠይቃት ትፈቅዳለች' ብሎ የሚያደባው ያን ቀን ነው።"

"የእኔን ወገብ ደግሞ ጭስ አይደለም፣ መዶሻህም አያቀናው።"

"አንቺ መቼ አርፈሽ? በቅሎ እንኳ ጭነት ይወርድላታል!"

መልስ ልሰጠው አፌን ስከፍት ሰፈሩ በእልልታ ተናጋ። ከየቤቱ በር እየተበረገደ፣ መኪናው እየጮኸ፣ ሕፃናቱ ድስት እየደበደቡ፣ "ሰቀጠት! ሰቀጠት!" አሉ፤ ወደቀ፣ ወደቀ ማለታቸው ነው። ሰይድ መዶሻውን ወርውሮ "መጣሁ!" አለኝና በአጥሩ ዘሎ ወጣ። እንደ ሱዳን ልጅ እጁን እያወናጨፈ ከሰዉ ጋር ሲሮጥ በበሩ ቀዳዳ አየሁት።

ግቢው ጭር አለ። ሐጃ እንደተኙ ናቸው። ምግቡ ደርሷል፤ ልብሱ ደርቋል። የምሠራው ነገር ፈልጌ ዞርኩ፤ አጎንብሼ ባልዲ ላነሳ ስል ወገቤ ቀጥ አድርጎ ያዘኝ። ባልዲውን እንደያዝኩ፣ ሳልቀናም ሳልጎነበስም፣ እንባዬ መጣ። ውጪ ከተማ ሙሉ ሰው በደስታ ይጮሃል፤ እኔ ባልዲ ማንሳት አቅቶኝ አለቅሳለሁ። ያኔ ዓይኔ ወደ ጉድጓዱ ሄደ።

ጓዳ ውስጥ ከከሰሉ ጀርባ በጆንያ የታሰረ የግራር እንጨት ነበር። አቧራ የጠጣ፣ ማንም የማይነካው። ካርቱም ውስጥ ሙሽሮች እንዲህ ያለ ጭስ እንደሚሞቁ ሰምቻለሁ። እነሱ ለውበት ነው፣ እኔ ለወገቤ ነው ብዬ አሰብኩ፤ ለወገብ የሚባል ነገር በዚያ አገር እንደሌለ ማን ነገረኝ! ፍም አወረድኩ፤ እንጨቱን ደረደርኩበት፤ በላዩ በርጩማ አኖርኩ፤ ልብሴን አውልቄ በወፍራም ብርድ ልብስ እስከ አንገቴ ተጀቦንኩና ቁጭ አልኩ።

መጀመሪያ አቃጠለኝ። ቀጥሎ አሳለኝ። ከዚያ ላብ ከማላውቀው ቦታ ሁሉ ይወርድ ጀመር፤ ከጉልበቴ ማጠፊያ፣ ከጆሮዬ ጀርባ ሳይቀር። እጄ ብርድ ልብሱን ይዟል፤ መጥረጊያ መያዝ አይችልም። እግሬ ታስሯል፤ ወደ ኩሽና መሮጥ አይችልም። ከስንት ዘመን በኋላ ለማንም የማልታዘዝበት ቦታ ተቀመጥኩ። ወገቤ ቀስ በቀስ፣ የተቋጠረ መቀነት በጥርስ እንደሚፈታ፣ ላላ። አእምሮዬም አብሮ ላላ። የነገው ሥራ፣ የትናንቱ ቁጣ፣ ሁሉም ከላቡ ጋር ወጣ። ሳላስበው የአባቴን ቤት መንዙማ ማዜም ጀመርኩ፤ በብርድ ልብሱ ውስጥ በጉልበቴ እየመታሁ። "አልሐምዱሊላህ" ማለት አፍ ብቻ ሳይሆን ጀርባም እንደሚችል ያን ቀን አወቅሁ።

ስነሳ ቀጥ ብዬ ተነሳሁ። አላመንኩም፤ ደግሜ ጎንበስ ብዬ ደግሜ ቀና አልኩ። ቆዳዬ ወርቅ መስሏል። እንዲያውም በባልዲው ውኃ ፊቴን እያየሁ ብቻዬን ሳቅሁ። ልብሴን ለብሼ፣ የሐጃን ምሳ በትሪ ይዤ፣ እያዜምኩ ገባሁ።

ሐጃ ዓይናቸውን አልገለጡም። አፍንጫቸው ግን ቀድሞ ነቅቷል። ፊታቸው ላይ አይቼው የማላውቅ ፈገግታ መጣ፤ እኚያ ኮስታራ አሮጊት የሃያ ዓመት ሴት መሰሉ።

"ሐጅ ዑስማን መጣ?" አሉ በቀጭን ድምፅ።

ሐጅ ዑስማን የሞቱት ባላቸው ናቸው። ትሪውን እንደያዝኩ ደረቅሁ። ሐጃ ዓይናቸውን ገለጡ፤ እኔን አዩ፤ እንደገና አሸተቱ። ፈገግታው ጠፋ።

"ዱኻን ገብተሻል።"

"አዎ ሐጃ፣ ወገቤን አሞኝ..."

"ለማን?"

"ለወገቤ።"

"ወገብሽ ባል አለው?"

አንባቢ ሆይ፣ ሳላውቅ ምን ውስጥ እንደገባሁ ላስረዳ። በሱዳን ይህ ዱኻን የሚሉት ጭስ የሚስት ነው። ያገባች ሴት ለባሏ ትሞቀዋለች፤ ሽታው ለቀናት ከቆዳዋ አይለቅም። ስለዚህ ሽታው ራሱ እንደ ጋብቻ ወረቀት ነው። ልጃገረድ አትሞቀውም፤ ባሏ የሞተባትም ትተዋለች። ያላገባች ሴት እንዲያ ከሸተተች ትርጉሙ አንድ ነው፤ የተደበቀ ወንድ አለ።

ሐጃ ተቀምጠው በጣታቸው ቆጠሩልኝ። "ጓሮ ማን ነበር? ሰይድ። ማን ተኛ? እኔ። ማን ታጠነ? አንቺ። ይህን ለመደመር ኢኽላስን ከትምህርት ቤት መጥራት አያስፈልግም።"

"ወላሂ ሐጃ፣ ሰይድ እልልታውን ሲሰማ ነው የወጣው! በእኛ አገር ይህ መድኃኒት ነው። ብርድ የመታው፣ ወገቡ የተያዘ ሁሉ ይሞቀዋል።"

"ያለ ባል?"

"ያለ ባል።"

"ሙሽራው የሌለበት ሠርግ! ዐይብ! ነውር ነው! ኢኽላስ ስትመጣ ሻንጣሽን ይዘሽ ትወጫለሽ።"

ከሥራ መውጣቱ ራሱን የቻለ ጣጣ ነው፤ በዚያ ሁሉ ግርግር መሀል ማን ቤቱን ይከፍትልኛል? የባሰው ግን ስሙ ነበር። "ወንድ አስገባች" ተብላ የወጣችን ልጅ ሌላ እመቤት አትቀበላትም። ወሬውም ከእኔ ቀድሞ አገሬ ይገባል። አባቴ መስጊድ ውስጥ ከፊት የሚቆም ሰው ነው፤ ወደ ኋላ ሰልፍ እንዲመለስ የማደርገው እኔ ልሆን ነው። ወለሉ ላይ ተንበርክኬ ለመንኳቸው።

"ምስክር ይጥሩ! ወሎዬዋን ሒና ሻጭ፣ እትዬ ዘሐራን ይጠይቁ። ካልኩት ውጪ ከሆነ ራሴ እሄዳለሁ።"

እትዬ ዘሐራ ከእኛ ሁለት መንገድ ወዲያ የሚኖሩ፣ በልጅነታቸው ከወሎ መጥተው ካርቱም ያረጁ ሴት ናቸው። ሐጃ ያከብሯቸዋል፤ አዛውንቶቹ ሁለቱም ባላቸው የሞተባቸው ናቸው። ሐጃ ስልክ ሞከሩ፤ መስመሩ ተጨናንቆ አልገባም አለ።

"ልሂድና ልጥራቸው?" አልኩ።

"አንቺን ልኬ በመንገድ ላይ በቋንቋችሁ ልታስጠኚያት? ብልጥ!" አሉና ትንሽ አሰቡ። ከዚያ ያላሰብኩትን ነገር አደረጉ። እግራቸውን ከአልጋው አወረዱ። "መጎናጸፊያ ቶቤን አምጪልኝ። እኔው ራሴ እሄዳለሁ።"

"ጉልበትዎስ?"

"ጉልበቴን ተዪው፣ ነገሩ የክብር ነው! በመንገድ ላይ አንዲት የአማርኛ ቃል እንዳልሰማ!"

ስንት ዶክተር፣ ስንት ዘመድ "ውጪ፣ ተራመጂ" ብሎ የለመናቸው ሴት፣ እኔን ሊያጋልጡ ተነስተው ወጡ። በአንድ እጃቸው ከዘራ፣ በሌላው የእኔን ክንድ ጨብጠዋል፤ ለድጋፍ ይሁን እንዳላመልጥ አላወቅሁም።

በሩን ስንከፍት መንገዱ በሰው ተሞልቷል። ባንዲራ የለበሱ ልጆች፣ በቶቤያቸው ጫፍ እንባቸውን የሚጠርጉ እናቶች፣ ከቤቱ ደጃፍ ውኃ በጆግ ለአላፊ አግዳሚ የሚያድል ሽማግሌ። አንዱ ሐጃን አየና "ያ ጀማዓ፣ እናንተ ሰዎች! ሐጃ ነፊሳ ወጥተዋል!" ብሎ ጮኸ። ሁሉም ዞረ። ለደስታው የወጡ መሰላቸው። ከዚያ የሱዳን ሰላምታ መጣ፤ ሱዳናዊ ሲሳለም ደግሞ ታውቃላችሁ፣ እጅ ትከሻ ላይ አሳርፎ ከጤና እስከ ልጅ፣ ከልጅ እስከ ዝናብ ይጠይቃል። ሐጃ መቆጣት ፈልገው መሀል ላይ "አልሐምዱሊላህ" እያሉ መመለስ ግድ ሆነባቸው።

መከራዬ እዚያ ላይ ነው የጨመረው። ሐጃን ያቀፈች ሁሉ እኔንም ታቅፋለች፤ ያቀፈችኝ ሁሉ ታሸታለች። የሰፈሩ ወሬ ሁሉ በደጇ የሚያልፍ ኡም ሐሰን የምትባል ጎረቤት አንገቴ ሥር ገብታ አፍንጫዋን ነፋችና ዓይኗ ፈጠጠ።

"ማብሩክ! መዲና አገባች! ዐሪሱ ማነው?"

ማብሩክ እንኳን ደስ ያለሽ ነው፤ ዐሪስ ደግሞ ሙሽራው ነው። ላቤ እንደገና መጣ፤ ይህኛው ግን ወገብ አያላላም። ሐጃ ክንዴን ቆነጠጡኝ። አበቃልኝ ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ።

"ምን ዐሪስ ትያለሽ?" አሉ ሐጃ ጮክ ብለው። "ወገቧን አሟት ነው! ዶክተር ነው ያዘዘላት!"

"ዶክተር? ዱኻን?"

"ትልቅ ዶክተር ነው! አንቺ አታውቂውም!"

ኡም ሐሰን አፏ እንደተከፈተ ጥለናት አለፍን። ጥቂት ሄድ እንዳልን ሐጃ በጆሮዬ "ለቤቴ ስም ብዬ ነው፤ ፍርድሽ አልተለወጠም" አሉኝ። ሌላዋ አቀፈችኝ፤ ሐጃ ደግመው ተከላከሉልኝ። ሦስተኛዋ ዘንድ ስንደርስ ሕመሜ ከወገብ አልፎ እስከ ቁርጭምጭሚት ወርዶ ነበር፤ ዶክተሩም ከውጪ አገር የመጣ ሆኗል። መንገዱ ጥግ ላይ ልጃገረዶች ሲዘፍኑ ሐጃ ቆሙ። እጃቸውን አፋቸው ላይ አደረጉና አንድ እልልታ ለቀቁ፤ ረጅም፣ የታፈነ ዘመን ሁሉ ያለበት። ከዚያ እንዳልሆነ ሆነው "ያላ፣ ሂጂ" አሉኝ። ከዘራው ክንዳቸው ላይ ተንጠልጥሎ መሬት ሳይነካ መሄድ ከጀመረ እንደቆየ ያየሁት እኔ ብቻ ነኝ።

እትዬ ዘሐራን ደጃፋቸው ላይ ሒና በከረጢት እየቋጠሩ አገኘናቸው። ሐጃን ሲያዩ በድንጋጤ ብድግ አሉ። ሐጃ ሰላምታውን አሳጠሩት።

"ዘሐራ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ መጥቻለሁ። በአገራችሁ ዱኻን የሚገባው ማነው?"

እትዬ ዘሐራ ሐጃን አዩ፤ እኔን አዩ። ሽታዬ ቀድሞኝ ደርሷል። ፊታቸው ተለዋወጠ፤ ዓይናቸውን ወደ ሒናቸው መለሱ።

"ሚስት ናት እንጂ ሐጃ። ሌላ ማን ይገባል?"

ሰማይ የተደፋብኝ መሰለኝ። ሐጃ ወደ እኔ ዞሩ። ደስ ያላቸው አይመስሉም፤ ፊታቸው ከፋ እንጂ። "ሰማሽ?" አሉ ቀስ ብለው። ያኔ የተከለከልኩትን አማርኛ ሳላውቀው ለቀቅሁት።

"እትዬ ዘሐራ፣ በአላህ ይዤዎታለሁ፣ እውነቱን ይናገሩ! ወገቤን አሞኝ ነው የሞቅሁት። ባለጌ ተብዬ ልባረር ነው!"

"በአማርኛ አይሆንም ብያለሁ!" አሉ ሐጃ።

እትዬ ዘሐራ የያዙትን ከረጢት አስቀመጡ። በሚሰባበር አማርኛቸው "ተይ ያ ቢንቲ፣ ልጄ፣ ኻላስ፣ በቃ፣ አታልቅሺ" አሉኝና ወደ ሐጃ ዞረው በዐረብኛ ቀጠሉ።

"ዋሸሁሽ ሐጃ። እናቴ ባሏ ሞቶ ትሞቅ ነበር። እኔንም ልጃገረድ ሳለሁ ብርድ ሲመታኝ አጠገቧ ትሸጉጠኝ ነበር። ልጅቷ ያለችው እውነት ነው፤ በእኛ ዘንድ መድኃኒት ነው።"

"ታዲያ ለምን ዋሸሽኝ?"

"ፈርቼሽ ነው።"

"እኔን?"

"አንቺን። እኔም ባሌ ከሞተ ወዲህ ጉልበቴ እንደ አሮጌ በር ይጮሃል። ጓሮዬ ውስጥ ጉድጓድ አለኝ፤ በድንጋይ ደፈንኩት። ሐጃ ነፊሳ ቢሸታት ምን ትለኛለች ብዬ።"

ሐጃ ከዘራቸው ላይ ተደግፈው ወደ መንገዱ አዩ። ሰዉ ይዘፍናል። እኔ አፋቸውን እጠብቃለሁ።

"እኔ ደግሞ" አሉ በመጨረሻ፣ "ኡም ሐሰንን ፈርቼ ነው የተውኩት።"

እትዬ ዘሐራ ቀና ብለው አዩአቸው። "ኡም ሐሰንስ ማንን ትፈራ ይሆን?"

ማን ቀድሞ እንደሳቀ አላስታውስም። ሐጃ ቁና ቁና እስኪተነፍሱ ሳቁ፤ እትዬ ዘሐራ ሒናው ላይ ሊወድቁ ደረሱ፤ እኔም እንባዬን ሳልጠርግ ሳቅሁ። ከዚያ ሐጃ ቶቤያቸውን አስተካከሉና እኔን በአገጫቸው ጠቆሙኝ።

"ፍሙ ጠፍቷል?"

"አልጠፋም ይሆናል ሐጃ።"

"እንግዲያው ምን ያቆመናል? ያላ! ዘሐራ፣ በርሽን ዝጊ።"

በማግስቱ ማለዳ ኢኽላስ አቧራ ለብሳ፣ ድምፅዋ ጨርሶ ተዘግቶ ገባች። እናቷን ለማቀፍ ተንደርድራ መጥታ ግማሽ መንገድ ላይ ቆመች። ሐጃ ጓሮው ውስጥ ወንበር ላይ ተቀምጠው እግራቸውን ዘርግተዋል፤ ቆዳቸው ያበራል። አጠገባቸው እትዬ ዘሐራ፤ እሳቸውም ያበራሉ። እኔ መሀላቸው ቁጭ ብዬ ቁርስ እበላለሁ፤ ቁጭ ብዬ!

"ያ ኡሚ" አለች ኢኽላስ እናቷን በሹክሹክታ፣ "አንድ ሌሊት ብቀር... ዐሪሱ ማነው?"

"ሥርዓቱ ይውረድ እያልሽ ስትጮኺ ከረምሽ" አሉ ሐጃ። "ወረደልሽ። እዚህም ድረስ።"

ኢኽላስ እናቷን አየቻቸው፤ ጉድጓዱን አየችው። ቦርሳዋን መሬት ጣለችና "ቀጣዩ ተራ የእኔ ነው" አለች። ሐጃ "አንቺ እንኳ ገና..." ብለው ጀመሩና ራሳቸው ዓረፍተ ነገሩን ተዉት። ወደ እኔ ዘወር ብለውም "ሻንጣሽን ከቦታው እንዳታነሺ" አሉኝ። ይቅርታቸው ያ ነበር፤ በቂዬ ነው። ሰይድ መዶሻውን ሊወስድ በመጣ ጊዜ ሰፈርተኛው ሙሽራው እሱ መስሎት "ማብሩክ" እያለ እጁን ሲጨብጠው፣ እሱ "ለአብዮቱ ነው" ብሎ አስቦ በደስታ ሲያመሰግን መጥቶ ነበር። እውነቱን ስነግረው "ምነው ቀድመሽ ብትነግሪኝ፣ ሱፍ እለብስ ነበር" አለኝ።

ከዚያ ወዲህ ሐሙስ የእኛ ቀን ሆነ። ሐጃ እትዬ ዘሐራን ለመጥራት በእግራቸው ይሄዳሉ፤ ስልክ እየሠራ እንኳ። ኡም ሐሰንም "ዶክተሩ ለእኔስ ምን ያዝልኝ ይሆን?" እያለች መጣች። እኔ ደግሞ ምሳዬን ቁጭ ብዬ መብላት ጀመርኩ። እናቴ በስልክ "አሁን ድምፅሽ ያንቺ ነው" አለችኝ።

አንባቢዎቼ፣ ጭስ ሙቁ ልላችሁ አይደለም የጻፍኩት። እውነቱን ለመናገር ወገቤን ጨርሶ ያዳነው ጭሱ ብቻ አይደለም፤ በኋላ እውነተኛ ዶክተር ዘንድም ሄጃለሁ፤ እሱም ከሁሉ በፊት "ዕረፍት" ነው ያለኝ። የታዘብኩት ነገር ቢኖር ብዙዎቻችን ቤታችን ውስጥ ቆርቆሮ የከደንንበት ጉድጓድ አለን። አንዳችን መንዙማ ማዜም፣ አንዳችን ከወዳጅ ጋር መራመድ፣ አንዳችን ዝም ብሎ ፀሐይ መሞቅ ነው የሚያድነን። እናውቀዋለን። ግን "ለማን ብለሽ ነው?" የሚለን ሰው እንፈራለን፤ ያም ሰው ሌላ ሰው ይፈራል። አካልም፣ አእምሮም፣ ነፍስም በዚያ ፍርሃት ሰልፍ ውስጥ ቆመው ይደክማሉ። ለራስ መልካም ማድረግ ሰርግ አይፈልግም፤ ምክንያቱ እናንተ መሆናችሁ ይበቃል።

በኋላ የካርቱሙ ጦርነት ሁላችንንም በየአቅጣጫው በተነን። እኔ አገሬ ገብቼ ኮምቦልቻ ትንሽ ምግብ ቤት አለኝ፤ ሐጃና ኢኽላስ ፖርት ሱዳን ናቸው። ሐጃ ሲደውሉ ገበያውን አይጠይቁኝም። የመጀመሪያ ቃላቸው "ተቀመጥሽ?" ነው። በቀደም ዕለት ምሳ ሰዓት ላይ ደወሉ። ቤቱ በተመጋቢ ሞልቷል፤ ስልኩን በትከሻዬ ይዤ ወጥ እያወጣሁ ነበር።

"ተቀመጥሽ?"

"አዎ ሐጃ፣ ተቀምጫለሁ" አልኩ።

"ትዋሻለሽ። ትንፋሽሽ የቆመ ሰው ነው" አሉኝ። ሌላ ነገር አልጨመሩም፤ ስልኩንም አልዘጉም። ከዚያ ማዶ፣ ከባሕሩ ዳር፣ ዝም ብለው ጠበቁኝ። ጭልፋውን አስቀመጥኩ፤ በርጩማ ሳብኩ፤ ተቀመጥኩ።

"አሁን አውሪኝ" አሉ።